ሁለት ራስ አበበ አልነበሩም

ራስ አበበ አረጋይ በ1895 ዓ.ም. በሸዋ ተወልደው በታኅሣሥ 1953 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ገነተ ልዑል ቤተ መንግሥት ውስጥ በጥይት የተገደሉ መኮንን፣ አርበኛና ሚኒስትር ናቸው። በመካከሉ የፖሊስ አዛዥ፣ የሸዋ አርበኞች መሪ፣ የጦር ሚኒስትር፣ የትግራይ ጠቅላይ ገዥ፣ የአገር ግዛት ሚኒስትር፣ የመከላከያ ሚኒስትርና የሚኒስትሮች ምክር ቤት ሊቀ መንበር ሆነዋል። ስለ እሳቸው በሰፊው የሚነገረው ግን ከዚህ የሹመት ዝርዝር እጅግ ያጠረ ነው። የተለመደው አስተያየት ሕይወታቸውን ሚያዝያ 27 ቀን 1933 ዓ.ም. ላይ ለሁለት ይከፍለዋል። ከዚያ ቀን በፊት የነበሩት አበበ አምስት ዓመት በዱር በገደል የተዋደቁ ጀግና ናቸው፤ ከዚያ ቀን በኋላ ያሉት ደግሞ ቤተ መንግሥት ያፈዘዛቸው፣ ከንጉሠ ነገሥት ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ቃል የማይወጡ፣ በሥልጣን ላይ ቁም ነገር ያልሠሩ ሹም ናቸው። አርበኝነትን የሚያከብረው ወገን ፊተኛውን ይዞ ኋለኛውን ይተዋል። የ1953ቱን የመፈንቅለ መንግሥት ሙከራ የለውጥ ጎሕ አድርጎ የሚያየው ወገን ደግሞ ኋለኛውን ይዞ ፊተኛውን በአንድ ዓረፍተ ነገር ያልፈዋል።

ሁለቱ ወገኖች የተጣሉ ቢመስሉም በአንድ ነገር ይስማማሉ፤ አርበኛውና ሹሙ የተለያዩ ሰዎች ናቸው ብለው ያምናሉ። ስሕተቱ እዚህ ላይ ነው። ራስ አበበ በጦርነቱ ዘመን ፖለቲከኛ ነበሩ፤ በሰላሙ ዘመንም የጦር አለቃ እንደሆኑ ቀሩ። በሸዋ ተራሮች ላይ ያቆያቸው ዘዴ በሚኒስትርነት ወንበር ላይም ያቆያቸው ያው ዘዴ ነው። ይህ ካልታየ የአርበኝነቱ ዘመን ያለ ምርመራ ይወደሳል፤ የሹመቱ ዘመንም ያለ ማብራሪያ ይወቀሳል፤ በሁለቱም ዘመን የተጎዱ ሰዎች ከታሪኩ ይወጣሉ።

ትውልዳቸው ለነገሩ መነሻ ነው። አባታቸው አፈ ንጉሥ አረጋይ፣ እናታቸው ወይዘሮ አስካለ የራስ ጎበና ዳጬ ልጅ ናቸው። ራስ ጎበና የቱለማ ኦሮሞ ተወላጅ ሆነው የዳግማዊ ምኒልክን ግዛት በደቡብና በምዕራብ ያስፋፉ ታላቅ የጦር አበጋዝ ነበሩ። እንግዲህ አበበ የተወለዱት በአገልግሎትና በጦር ሜዳ ከከበረ ቤት ነው፤ ዙፋን ከሚጠይቅ ቤት ግን አይደለም። በዚያን ጊዜ በነበረው የመኳንንት ሥርዓት ይህ ልዩነት ሕይወትና ሞትን ይወስን ነበር። የዐፄ ዮሐንስ የልጅ ልጅ የሆኑት ራስ ሥዩም መንገሻ ወይም የሰላሌው ራስ ካሣ ኃይሉ ልጆች ባሉበት ሁሉ የዙፋን ጥያቄ አብሯቸው ይኖራል። የጎበና የልጅ ልጅ ግን ሸዋ የሚያከብረው ስምና ሰው የማሰባሰብ አቅም እያለው ለንጉሡ ዙፋን የማያሰጋ ሰው ነበር። ቤተ መንግሥቱ እኒህን ሰው ሃያ ዓመት በከፍተኛ ሥልጣን ላይ ያቆየበት ምክንያት ብዙዎች እንደሚሉት ታዛዥነታቸው ብቻ ሳይሆን ይህም የዘር አቋማቸው ነው።

በ1928 ዓ.ም. የጣሊያን ጦር ወደ አዲስ አበባ ሲቃረብ አበበ በባላምባራስ ማዕረግ የከተማይቱ ፖሊስ አዛዥ ነበሩ። ንጉሠ ነገሥቱ ሚያዝያ 24 ቀን ከተማዋን ለቀው ወጡ፤ ጣሊያኖች የገቡት ሚያዝያ 27 ቀን ነው። በመካከሉ ባሉት ቀናት አዲስ አበባ ተዘረፈች፣ ተቃጠለች። የውጭ አገር ሰዎች በየካ በኩል ወደሚገኘው የእንግሊዝ ሌጋሲዮን ሸሽተው ከሕንድ በመጡ ወታደሮች ጥበቃ ሥር ተጠለሉ። ጥቂት መቶ ፖሊሶች ያንን እሳት ሊያቆሙት እንደማይችሉ ግልጽ ነበር። አዛዡ ከዚያ በኋላ ያደረጉት ግን የራሳቸው ውሳኔ ነው። ለወራሪው እጅ ሰጥቶ በሹመት መቀጠል ይቻል ነበር፤ ብዙ መኳንንትም አድርገውታል። አበበ ተከታዮቻቸውን ይዘው ወደ ሰሜን ሸዋ ወጡ።

ሐምሌ 21 ቀን 1928 ዓ.ም. አርበኞች አዲስ አበባን ለማስለቀቅ ያደረጉት ጥቃት ከሸፈ። ክረምቱ ከባድ ነበር፤ ወንዞቹ ሞልተዋል፤ ከየአቅጣጫው የመጡት ጦሮች በአንድ ሰዓት አልደረሱም፤ የሚያገናኛቸው የሬዲዮ መሣሪያም አልነበራቸውም። በማግሥቱ አቡነ ጴጥሮስ በአደባባይ ተረሸኑ። በታኅሣሥ 1929 ዓ.ም. የራስ ካሣ ልጆች ደጃዝማች አበራና ደጃዝማች አስፋ ወሰን የጣሊያንን የምሕረት ቃል አምነው እጃቸውን ከሰጡ በኋላ ፍቼ ላይ ተገደሉ። ደጃዝማች ባልቻ ከዚያ ቀደም ብለው ወድቀዋል፤ ራስ ደስታ ዳምጠው በየካቲት ተይዘው ተረሸኑ። የካቲት 12 በከተማው ሕዝብ ላይ የደረሰው ጭፍጨፋ ገበሬውን ወደ ዱር አስወጣው እንጂ መሪ አላተረፈለትም። በዓመት ጊዜ ውስጥ የሸዋ መሳፍንት መሪዎች አልቀው ነበር። የአበበ መነሣት በዚህ ክፍት ቦታ ላይ የተፈጸመ ነው። ከዚያ ዓመት ሁለት ነገር ግልጽ ሆኖ ነበር። ጦርን ሁሉ በአንድ ውጊያ ላይ መጣል ያስጨርሳል፤ የጠላትን የምሕረት ቃል ማመንም ያስገድላል። ቀጣዮቹ አራት ዓመታት የተመሩት በእነዚህ ሁለት ትምህርቶች ነው።

በዚህ ጊዜ የአበበ ዋና ሥራ ውጊያ ብቻ ነበር ብሎ የሚያስብ ሰው የሸዋን አርበኝነት አልተረዳውም። በመንዝ፣ በመርሐ ቤቴ፣ በጅሩ፣ በቡልጋ፣ በተጉለት የየራሱን ሰው የሚያዝ የየአካባቢው አለቃ ነበር። እንደ ኃይለ ማርያም ማሞ ያሉ በጀግንነት የሚበልጧቸው እንጂ የማያንሷቸው ሰዎች በዚያው ምድር ይዋጉ ነበር፤ ኃይለ ማርያም በ1930 ዓ.ም. በጦርነት ወደቁ። እነዚህን ሰዎች በግድ ማዘዝ አይቻልም፤ ደመወዝ የለም፣ ወህኒ የለም፣ የበላይ መንግሥት የለም። የሚቻለው ማስታረቅ፣ ማዕረግ መስጠት፣ በጋብቻና በአምቻ ማሰር፣ አንዱ ሌላውን እንዳያጠፋው በመካከል መቆም ነው። ይህ ደግሞ ፖለቲካ ነው፤ ሌላ ስም የለውም።

ለዚህ ትልቁ ማስረጃ የመልአከ ፀሐይ ጉዳይ ነው። ንጉሠ ነገሥቱ በስደት እያሉ የሸዋ አርበኞች የልጅ ኢያሱን ልጅ መልአከ ፀሐይን አነገሡ፤ አበበ በዚህ ሥራ ውስጥ ግንባር ቀደም ነበሩ። ወጣቱ ብዙም ሳይቆይ በ1930 ዓ.ም. ሞተ። አድናቂዎቻቸው ይህን ታሪክ ሊነኩት አይወዱም፤ ለንጉሠ ነገሥቱ ፍጹም ታማኝ የነበረውን ጀግና ምስል ያበላሽባቸዋል። ነገር ግን ታሪኩን ከመደበቅ ማስረዳት ይበልጣል። በየጎጡ የተበተነ ጦር በአንድ ስም ሥር እንዲሰበሰብ ዘውድ ያስፈልገው ነበር። ያለው ዘውድ ባሕር ማዶ ስለ ነበር በእጅ ያለ ዘውድ ተፈለገ። አበበ ሕጋዊነትን ከሚገኝበት ቦታ ወስደዋል፤ የያዘው ሰው ሲለወጥም አብረው ተለውጠዋል። ከሦስት ዓመት በኋላ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሲመለሱ ያደረጉት ይህንኑ ነው። እንዲያውም ንጉሠ ነገሥቱ አበበ በአርበኝነት ዘመን የያዙትን የራስነት ማዕረግ አጽንተው የኢያሱን ልጅ ነገር ሳያነሡ አለፉት። ሁለቱም አንዱ ሌላውን በሚገባ ያውቅ ነበር።

ከዚህ ይበልጥ የሚያከራክረው ከጣሊያን ጋር የተደረገው ድርድር ነው። በ1931 እና በ1932 ዓ.ም. የሸዋ አገረ ገዥ የነበረው ጄኔራል ናዚ አበበን በሰላም ለማስገባት ብዙ ጥሯል፤ አበበም መልእክተኛ ተቀብለዋል፣ መልእክተኛ ልከዋል፣ ቀን ቀጥረዋል፣ ቀኑን አሳልፈዋል። የሚነቅፏቸው «ሊገቡ ነበር» ይላሉ። የሚያደንቋቸው ነገሩን እንደ ነውር ይሸሽጉታል። ሁለቱም ወገኖች ገበሬው በዚያ ዓመት ምን እንደ ደረሰበት ይዘነጋሉ።

ሚያዝያ 1931 ዓ.ም. በሰሜን ሸዋ ዘረት በሚባል ቦታ ባለ ዋሻ ውስጥ የአበበ ጦር ጓዝ ተጠልሎ ነበር፤ ቁስለኞች፣ ሴቶች፣ ሕፃናት፣ ሽማግሌዎችና ጥቂት ታጣቂዎች። የጣሊያን ጦር ዋሻውን ከብቦ የመርዝ ጋዝ ተኮሰበት። በጋዙ ታፍነው ከወጡት መካከል ወንዶቹ በመቶዎች ተረሸኑ፤ ዋሻው ውስጥ የቀሩትም ዐፅማቸው ለአሥርት ዓመታት እዚያው ቀረ። ይህ ግፍ በኢትዮጵያ ታሪክ ውስጥ ሊያገኝ የሚገባውን ቦታ አላገኘም፤ ከአዲስ አበባው የየካቲት 12 እና ከደብረ ሊባኖሱ ጭፍጨፋ እኩል ስሙ ሊጠራ የሚገባው ነው። የሟቾቹ ወገኖች የአበበን ጦር ያበሉ፣ የደበቁ፣ ቁስል ያጠቡ ሰዎች ነበሩ።

እንግዲህ በዚያው ዓመትና በቀጣዩ የተደረገው ድርድር በዚህ መልክ መታየት አለበት። እህሉ የተቃጠለበት፣ ከብቱ የተነዳበት፣ ቤተሰቡ በጋዝ ያለቀበት አገር የእርሻ ወራት ያስፈልገዋል። መልእክተኛ በመጣ ቁጥር ዘመቻው ይቆማል፤ ዘመቻው በቆመ ቁጥር ገበሬው ይዘራል፣ ጦሩ ጥይት ይለቅማል። አበበ ፍቼ ላይ የሆነውን ስለሚያውቁ አልገቡም። ጊዜ ገዝተው ቆዩ፤ ሰኔ 1932 ዓ.ም. ጣሊያን በዓለም ጦርነት ውስጥ ስትገባ የአበበ ጦር አሁንም በቦታው ነበር። ይህ ክህደት አይደለም፤ ፈረስ ላይ ተቀምጦ ጎራዴ የመምዘዝ ጀግንነትም አይደለም። የቀዘቀዘ ስሌት ነው፤ ስሌቱም ሰው አትርፏል። የሚያሳዝነው ይህን ስሌት እንደ ነውር የሚሸሽጉት የራሳቸው ወዳጆች መሆናቸው ነው።

መጋቢት 28 ቀን 1933 ዓ.ም. የእንግሊዝ ጦር አዲስ አበባን ያዘ። ሚያዝያ 27 ቀን ንጉሠ ነገሥቱ በፍቼ መንገድ መጥተው በእንጦጦ ማርያም ጸሎት አድርሰው ወደ ከተማዋ ወረዱ። ከእንጦጦ ቁልቁል በሚወርደው መንገድ ዳርና ዳር የተሰለፉት በሺህ የሚቆጠሩ ጎፈሬያም አርበኞች የራስ አበበ ሰዎች ነበሩ። የተለመደው ትረካ አርበኛው አበበ የሚያበቁት እዚህ ላይ ነው ይላል። ከዚያ በኋላ የሚመጣው አርበኛ ተረስቶ ባንዳና ስደተኛ የተሾመበት ዘመን ነው፤ አበበም በዚያ ማዕበል ተውጠው ድምፃቸውን አጡ ይባላል።

ይህ ትረካ እውነት ያለበት ነው፤ ብዙ አርበኛ ተበድሏል። ሆኖም መለያውን መስመር የሚያሰምረው በተሳሳተ ቦታ ነው። ራስ አበበ ከነጻነት ማግሥት ጀምሮ እስከ ዕለተ ሞታቸው ከከፍተኛ ሹመት አልወጡም። ሌላው አርበኛ ደጃዝማች መስፍን ስለሺም ሰፊ ግዛትና ሰፊ መሬት ነበራቸው። በአንጻሩ በጎጃም ከአምስት ዓመት ተጋድሎ የወጡት በላይ ዘለቀ የቢቸና ገዥነት ብቻ ተሰጥቷቸው፣ አምፀው ተይዘው በጥር 1937 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ተሰቀሉ። ብላታ ታከለ ወልደ ሐዋርያት ንጉሠ ነገሥቱ አገር ጥለው የሄዱ ናቸው ብለው እንደገና መንገሣቸውን ተቃውመው ደጋግመው ታሰሩ፣ በ1962 ዓ.ም. ሊይዛቸው ከመጣ ፖሊስ ጋር ተታኩሰው ሞቱ። እነዚህ ሁሉ አርበኞች ናቸው። ልዩነታቸው ማን ታላቅ የዘር ሐረግ አለው፣ ማን ቤተ መንግሥቱን ማንበብ ያውቃል፣ ማን ትናንት ያነገሠውን ዛሬ ሊረሳ ይችላል የሚለው ነው። በላይ ዘለቀን ያላዳናቸው ጀግንነት አበበንም አላዳናቸውም፤ ያዳናቸው የጎበና ደምና ያ የድርድር ጥበብ ነው። «አርበኛ ተዋረደ» በሚለው አንድ ቃል በላይንና አበበን አንድ ላይ መጠቅለል ለበላይ ፍትሕ ይነፍጋል።

የሹመቱ ዘመን የመጀመሪያው ከባድ ፈተና ትግራይ ነው። በ1935 ዓ.ም. መጨረሻና በ1936 ዓ.ም. መጀመሪያ ራያ፣ እንደርታ፣ ሌላውም አካባቢ በኃይለ ማርያም ረዳ መሪነት አመፀ፤ ታሪክ የመጀመሪያው ወያኔ ብሎ የሚጠራው ነው። ገበሬው የተነሣባቸው ምክንያቶች የታወቁ ናቸው፤ የግብርና የሹማምንት በደል፣ ያለ ደመወዝ የሚቀመጥ ጦር ዘረፋ፣ ከማዕከል የሚላክ ሹም፣ በዚያ ላይ የአካባቢው መኳንንት ፉክክር። አማፅያኑ ኩሓንና መቀሌን ያዙ። የማዕከላዊውን መንግሥት ጦር መርተው የዘመቱት የጦር ሚኒስትሩ ራስ አበበ ነበሩ። የእንግሊዝ መኮንኖች አብረዋቸው ነበሩ። በመስከረም መጨረሻ 1936 ዓ.ም. ከኤደን የተነሡ የእንግሊዝ አውሮፕላኖች መቀሌን ደበደቡ፤ ሲቪሎች አለቁ፤ በጥቅምት መጀመሪያ ከተማዋ ተያዘች። ከዚያ ራስ አበበ የትግራይ ጠቅላይ ገዥ ሆነው እስከ 1939 ዓ.ም. ቆዩ። አመፁን የደገፉት አካባቢዎች ቅጣት ተጣለባቸው።

«ቤተ መንግሥት አበላሻቸው» የሚለው አስተያየት ጉዳቱ የሚታየው እዚህ ላይ ነው። በዚህ አስተያየት መሠረት የመቀሌ ነገር የንጉሠ ነገሥቱና የእንግሊዞች ሥራ ነው፤ አበበ ትእዛዝ የፈጸሙ ፈዛዛ ሹም ናቸው። ይህ ግን እሳቸውንም መናቅ ነው፤ በትግራይ የሞቱትንም መናቅ ነው። ከአምስት ዓመት በፊት በራሱ የእህል ጎተራ ላይ አውሮፕላን ሲወርድ ያየ፣ በዘረት ወገኑ በመርዝ ሲያልቅ የሰማ አዛዥ ከሰማይ የሚወርድ ቦምብ ገበሬ ላይ ምን እንደሚሠራ ከማንም በላይ ያውቃል። አበበ ያንን እያወቁ ዘምተዋል። ለምን? መልሱ በጦርነቱ ዘመን ውስጥ አለ። በእሳቸው ዓይን ጦር የሚያዘው አንድ ማዕከል ሲኖር ነው፤ የየጎጡ አለቃ ወይ ይታረቃል ወይ ይገበራል። በመንዝና በጅሩ ያደረጉት በማስታረቅ ነበር፤ ሌላ መሣሪያ አልነበራቸውም። በትግራይ ግን መሣሪያው ነበራቸው። ሰውየው አልተለወጡም፤ በእጃቸው ያለው ኃይል ተለወጠ። ይህን ማለት የአርበኝነታቸውን ክብር አይነካም፤ የመቀሌን ሕይወት ግን ከግርጌ ማስታወሻ ያወጣል።

በዚህ ነገር ሌሎች አገሮች ከእኛ የተሻለ ድፍረት አላቸው። ባሮን ማነርሃይም በሩሲያ ዛር ጦር ውስጥ ያደጉ የፊንላንድ መኳንንት ወገን ጄኔራል ነበሩ። እ.ኤ.አ. በ1918 በእርስ በርስ ጦርነት «ነጮች» የሚባለውን ወገን ጦር መርተው አሸነፉ፤ ከድሉ በኋላ «ቀያዮች» ከሚባሉት ተሸናፊዎች በሺህ የሚቆጠሩ በእስር ካምፕ አለቁ። እ.ኤ.አ. በ1939 አገራቸውን ከሶቪየት ወረራ የተከላከሉት እሳቸው፣ እ.ኤ.አ. በ1944 ፕሬዚዳንት ሆነው ጦርነቱን የማቆም ስምምነት የተዋዋሉትም እሳቸው ናቸው። ፊንላንዳውያን ስለ ማነርሃይም ሲከራከሩ የ1918ቱን ሰው ከ1939ኙ ለይተው አያስቀምጡም፤ ስለ አንድ ሰው ነው የሚከራከሩት። ለራስ አበበም የሚገባው ይህ ነው።

ከትግራይ በኋላ ያሉት ዓመታት በፍጥነት ሊታለፉ ይችላሉ፤ ጦር ሚኒስቴር፣ አገር ግዛት፣ መከላከያ። የአርበኛው ጦር ተበትኖ በእንግሊዞች፣ ኋላም በአሜሪካኖች እርዳታ የሚሠለጥን መደበኛ ሠራዊት ተተካ። በ1947 ዓ.ም. ጸሐፌ ትእዛዝ ወልደ ጊዮርጊስ ወልደ ዮሐንስ ከሥልጣን ወረዱ፤ በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ወጣ፤ ቀጥሎም የመጀመሪያው የፓርላማ ምርጫ ተደረገ። በ1950 ዓ.ም. ራስ ቢትወደድ መኮንን እንዳልካቸው ጠቅላይ ሚኒስትርነቱን ሲለቁ ራስ አበበ የመከላከያውን ሥልጣን እንደያዙ የሚኒስትሮች ምክር ቤት ሊቀ መንበር ሆኑ።

በዚህ ሦስት ዓመት ላይ የሚቀርበው ክስ «ምንም አልሠሩም» የሚል ነው። ክሱ ግማሽ እውነት ነው፤ የሚያመልጠው ግን ዋናው ነገር ነው። ምክር ቤቱ ራሱ ውሳኔ የሚሰጥበት ቦታ አልነበረም። እያንዳንዱ ሚኒስትር ጉዳዩን በየግሉ ለንጉሠ ነገሥቱ ያቀርብ ነበር፤ ውሳኔውም በጽሕፈት ሚኒስቴር በኩል ይወርድ ነበር። የመከላከያ ሚኒስትሩ የጦር ሠራዊቱን ቢመሩም ክብር ዘበኛን አያዙም ነበር፤ ክብር ዘበኛ ለንጉሠ ነገሥቱ ብቻ የሚታዘዝ፣ በሥልጠናውም በእንክብካቤውም ከምድር ጦር የተለየ ኃይል ነበር። በእንዲህ ዓይነት ሥርዓት ሊቀ መንበር የሆነ ሰው ሁለት ምርጫ አለው፤ ሥርዓቱን መጋፈጥ ወይም በውስጡ ጊዜ መግዛት። አበበ ጊዜ ገዙ። በ1931 ዓ.ም. ይህ ስሌት ሰው አትርፏል፤ በ1950 ዓ.ም. ግን ሰው ገደለ።

በዚያ ዓመት ትግራይን ክፉ ረሀብ መታው። ዝናብ ጠፋ፤ አንበጣ ወረደ፤ ብዙ ሺህ ሰው አለቀ። ዜናው በጊዜው ለአገር አልተነገረም፤ እርዳታው ዘገየ፤ መንግሥት እንዳላየ ሆነ። የምክር ቤቱ ሊቀ መንበር ያንን አገር አራት ዓመት የገዙ፣ ተራራና ሸለቆውን፣ የገበሬውን ጎተራ የሚያውቁ ሰው ነበሩ። በአርበኝነት ዘመናቸው ገበሬው ካልዘራ ጦሩ እንደማይኖር ተረድተው ለእርሻ ወራት ሲሉ ከጠላት ጄኔራል ጋር ተላልከዋል። በሥልጣን ዘመናቸው ለእርሻ ወራት ሲሉ ከራሳቸው ንጉሠ ነገሥት ጋር አልተላለኩም። በሹመታቸው ላይ ሊቀርብ የሚገባው ትልቁ ክስ ይህ ነው፤ ክሱም የሚቆመው አርበኛውንና ሹሙን አንድ ሰው አድርጎ ለሚያይ ብቻ ነው። ቤተ መንግሥት አፍዝዟቸዋል የሚል ሰው ሳያውቀው ይምራቸዋል፤ የፈዘዘ ሰው አይጠየቅምና።

ታኅሣሥ 4 ቀን 1953 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ በብራዚል ጉብኝት ላይ ሳሉ የክብር ዘበኛ አዛዥ ብርጋዴር ጄኔራል መንግሥቱ ንዋይና ወንድማቸው ገርማሜ ንዋይ የመንግሥት ግልበጣ ጀመሩ። ሹማምንቱ እቴጌ ታመዋል ተብለው ተጠርተው ተያዙ፤ ራስ አበበም ከነሱ አንዱ ነበሩ። በሜጀር ጄኔራል መርዕድ መንገሻና በጓዶቻቸው የሚመራው የጦር ሠራዊት ክብር ዘበኛን ሲያሸንፍ፣ አማፂዎቹ ከመሸሻቸው በፊት በገነተ ልዑል አረንጓዴው ሳሎን ውስጥ የነበሩትን እስረኞች በመትረየስ ረሸኗቸው። 15 ያህል ሰው ሞተ። ሕንፃው ከአንድ ዓመት በኋላ ለዩኒቨርሲቲ ተሰጠ፤ ዛሬ በስድስት ኪሎ የኢትዮጵያ ጥናትና ምርምር ተቋም ያለበት ነው።

ከዚያ በኋላ በተማሪው እንቅስቃሴ ዘመን የተስፋፋው አስተያየት በአረንጓዴው ሳሎን የወደቁት «መሳፍንት» ናቸው፣ የገደሏቸውም «ተራማጆች» ናቸው የሚል ነው። የሟቾቹ ዝርዝር ይህን አይደግፍም። ራስ ሥዩም መንገሻ በእርግጥ የዐፄ ዮሐንስ የልጅ ልጅ ናቸው። ሜጀር ጄኔራል ሙሉጌታ ቡሊ ግን በዘር ሳይሆን በውትድርና ሙያ የወጡ መኮንን ናቸው። መኮንን ሀብተ ወልድ ከመሳፍንት ቤት አልተወለዱም። ገዳዮቹ ወንድማማቾች ግን ራሳቸው የታወቀ የሸዋ መኳንንት ቤተሰብ ልጆች ናቸው። ገርማሜ የመሬት ጉዳይ ያንገበገባቸው፣ በወላይታና በጅጅጋ አስተዳዳሪነታቸው ለደኃ የሠሩ ሰው እንደነበሩ መካድ አይገባም፤ ያነሡት ጥያቄም ትክክለኛ ነበር። ያም ሆኖ ያልታጠቁ እስረኞችን መረሸን ለጥያቄው መልስ አልሆነም። የራስ አበበን ሞት በመደብ ስም ማስረዳት ገዳዮቹን ከኃላፊነት ነጻ ያወጣል እንጂ ሌላ የሚያስረዳው ነገር የለም።

በዚያ ክፍል አብረው ከወደቁት መካከል ራስ ሥዩምና ራስ አበበ መሆናቸው ሊተኮርበት ይገባል። አንደኛው የትግራይ ባላባት ናቸው፤ የመጀመሪያው ወያኔ አመፅ ሲነሣ አዲስ አበባ ተይዘው ከቆዩ በኋላ ወደ ጠቅላይ ግዛታቸው የተመለሱት ራስ አበበ ገዥነቱን ሲለቁ ነው። የ1950ው ረሀብ ሲገባ የትግራይ ገዥ እሳቸው፣ የምክር ቤቱ ሊቀ መንበር አበበ ነበሩ። ሁለቱም ያንን ሕዝብ በጊዜው አልደረሱለትም። ግልበጣውን ያካሄዱት ሰዎች ግን ለዚህ ፍርድ ቤት አላቀረቧቸውም፤ ጥያቄም አልጠየቋቸውም። መጠየቅ የነበረባቸው ጥያቄ ከእነሱ ጋር ተቀበረ።

በየዓመቱ የሚከበረው የአርበኞች ቀን ሚያዝያ 27 ነው። በዚያ ቀን ስለ ራስ አበበ የሚነገረው ሁሉ እንጦጦ ላይ ያበቃል። ስለ እሳቸው የሚጻፍ የትምህርት ቤት መጽሐፍ፣ የሚተከል ሐውልት፣ የሚዘጋጅ የሬዲዮ ዝግጅት ዘረትን በመጥቀስ መጀመር አለበት፤ መቀሌንም በዚያው ምዕራፍ ውስጥ ማስገባት አለበት። የታሪክ መምህራንና የመጻሕፍት አዘጋጆች ይህን ለማድረግ አዲስ ሰነድ እስኪገኝ መጠበቅ አያስፈልጋቸውም፤ የሁለቱም ቦታዎች ታሪክ ተመዝግቦ ይገኛል።